በሟች ካርድ የወጡ መጻሕፍት

አርዲስ ሃልደማን ባሏ የጻፋቸውን መጻሕፍት ከኮሌጁ ቤተ መጻሕፍት መዋስ የጀመረችው ባሏ በተቀበረ በስድስተኛው ሳምንት ነው። ማንበብ አምሯት አይደለም። አምስቱንም ከመጀመሪያው ቃል እስከ መጨረሻው በታይፕ የመታቻቸው እሷ ናት፤ አንዳንዱን ገጽ ሦስት ጊዜ፣ አንዳንዱን ስድስት ጊዜ። የተዋሰችው እንዳይጣሉ ብላ ነው።

ባሏ ኦሪን ሃልደማን የታሪክ መምህር ነበር። ስለ ፕሬዚዳንትና ስለ ጦር ሜዳ ግን አንድ መስመር አልጻፈም። የመጀመሪያው መጽሐፉ የሚተርከው የአሜሪካ ሴቶች ሰኞ ሰኞ ልብስ እንዴት ያጥቡ እንደነበር ነው። ሁለተኛው ስለ ቤት በረንዳ፣ ሦስተኛው ስለ ቤተ ክርስቲያን የጋራ ራት፣ አራተኛው ገበሬው በፖስታ ዕቃ ስለሚያዝበት ካታሎግ። እኛ የኮርሊስ ከተማ ሰዎች እንደምታውቁን ሰው መተረብ አይሰለቸንም፤ ፀጉር አስተካካዩ ቤት በገባ ቁጥር "ፕሮፌሰር፣ ስለ መቀስ መቼ ነው የምትጽፈው?" ይሉት ነበር። እሱም ይስቃል። የዋህ ሰው ነበር፤ ቀልዱ ውስጥ ያለችውን ንቀት አያያትም። አርዲስ ታያታለች።

አምስተኛው መጽሐፍ ላይ ግን ማንም አልቀለደም። ስሙ "የማለስለሻው ክፍል ሴቶች" ነው። ወንዙ ዳር የነበረው የሸክላ ፋብሪካ ሲኒና ሳህኑን ከምድጃ በፊት በአሸዋ ወረቀት የሚያለሰልሱ ሴቶች ነበሩት። ሥራው የሚሠራው ሸክላው ከደረቀ በኋላ ስለሆነ ብናኙ እንደ ዱቄት ይቦናል፤ መስኮት ከተከፈተ ደግሞ ሸክላው ይሰነጠቃል ተብሎ መስኮት አይከፈትም። ሴቶቹ በሠላሳዎቹ ዕድሜ ማሳል ይጀምራሉ፤ በአርባዎቹ ይሞታሉ። የፋብሪካው ሐኪም በሞት ወረቀታቸው ላይ "ደረተ ደካማ" ብሎ ይጽፋል። ኤልቫ ፕሩዊት የምትባለውም ደረተ ደካማ ተብላ በአርባ አንድ ዓመቷ ተቀበረች። የአርዲስ እናት ናት። አርዲስ ያን ጊዜ አሥራ ስድስት ዓመቷ ነበር።

ከእናቷ ሞት በኋላ አክስቷ ቤት ሆና የጽሕፈት ሥራ ተማረች፤ ከዚያም በኮሌጁ የታሪክ ክፍል ታይፕ መቺ ሆና ተቀጠረች። ኦሪን አዲስ መምህር ሆኖ ሲመጣ ዶሮ የጫረው የሚመስል ጽሑፉን ይዞላት መጣ። ሌሎቹ ታይፕ መቺዎች አይነበብም ብለው መልሰውበት ነበር። እሷ አነበበችው። በሁለተኛው ዓመት ተጋቡ፤ ኒል የሚባል አንድ ልጅ ወለዱ፤ እሱም ሲያድግ አሪዞና ሄዶ የአየር ማቀዝቀዣ ነጋዴ ሆነ።

ስለ ማለስለሻው ክፍል እንዲጽፍ የነገረችው እሷ ናት። ኦሪን የድምፅ መቅረጫውን አንጠልጥሎ ከሴቶቹ በሕይወት የቀሩትንና የሞቱትን ልጆች ቤት ለቤት ዞረ። ማንም አላናገረውም። እሱ የኮሌጅ ሰው ነው፤ ኮሌጁን ያሠሩት ደግሞ የፋብሪካው ባለቤቶች ናቸው፤ ማን ምን አግኝቶ ይናገራል? አንዷማ መቅረጫውን አይታ "ይሄ ነገር ለማን ነው የሚነግረው?" ብላ በሩን ዘጋችበት።

በሚቀጥለው ቅዳሜ አርዲስ አብራው ሄደች። ሳሎን አልተቀመጠችም፤ በቀጥታ ወጥ ቤት ገብታ የቆሸሸ ሳህን ማጠብ ጀመረች። "እኔ የኤልቫ ፕሩዊት ልጅ ነኝ" አለች እጇ ውሃ ውስጥ እንዳለ። ሴትዮዋ ማድረቂያ ጨርቅ አንስታ አጠገቧ ቆመች፤ ሳህን እየተቀበለች ሁለት ሰዓት ሙሉ ተናገረች። ኦሪን መቅረጫውን ዳቦ ማስቀመጫው ላይ አድርጎ በሩ ሥር እንደ እንግዳ ቆሞ ቀረ። እንዲህ እንዲህ እያሉ አራት ዓመት ፈጀባቸው። አርባ ሦስት ሴቶች፤ በሙሉ ስማቸው፣ ክፍሉ ውስጥ በሠሩበት ዘመን፣ በሞቱበት ዕድሜ፣ ከቃላቸውም እየተቀነጨበ። አርዲስ ካሴቶቹን እያዳመጠች ቃል በቃል መታቻቸው። የእናቷን ታሪክ የነገሯት ክፍሉ ውስጥ አብረዋት የሠሩ ሁለት ሴቶች ነበሩ።

ምሥራቅ ያለው ትልቁ አሳታሚ፣ አራቱን መጻሕፍት ያሳተመው፣ አምስተኛውን የአንድ መንደር ነገር ነው ብሎ መለሰው። የኮሌጁ ማተሚያ ክፍል ሦስት መቶ ቅጂ አተመው። ኦሪን የእሱን ድርሻ ለሴቶቹ ቤተሰቦች አደለ፤ ቤተሰቦቹም ፋብሪካው ሲዘጋ ወደ ፍሎሪዳም ወደ ቴክሳስም ተበተኑ። የቀረው ማተሚያው ምድር ቤት ተቀምጦ አንድ ክረምት ቧንቧ ፈንድቶ ውሃ በላው። የፋብሪካው መዝገብም፣ ካሴቶቹም፣ እቤት የነበረው ቅጂም፣ ሁሉም በየተራው ጠፋ። አንድ ቅጂ ቤተ መጻሕፍቱ መደርደሪያ ላይ ቀረ። በመጽሐፉ የመጀመሪያ ገጽ ላይ ኦሪን "ባለቤቴ በትጋት ታይፕ አድርጋልኛለች" ብሎ አመስግኗታል። ይህን ዓረፍተ ነገርም የመታችው ራሷ ናት። ጣቶቿ ትንሽ ቆመው ነበር፤ ከዚያ መታችው። ለእሱ አንድም ቀን ምንም አላለችውም፤ ግን ቅር ብሏት ነው የኖረችው፤ ቅር ብሏት ነው ያስታመመችው።

የቤተ መጻሕፍቱን ሕግ የነገረቻት ጃኒን ናት፤ ማዋሻው ጠረጴዛ ላይ ሃያ ዓመት የሠራች፣ መነጽሯን ሁልጊዜ ራሷ ላይ ረስታ የምትፈልግ ሴት። አሥር ዓመት ማንም ያልተዋሰው መጽሐፍ ጀርባው ላይ ቀይ ወረቀት ይለጠፍበታል። ከዚያ በር አጠገብ "በነጻ ውሰዱ" የሚል ጠረጴዛ ላይ ይወጣል። በሁለት ሳምንት የሚወስደው ካልተገኘ ወደ ቆሻሻ። ኮሚቴ ተቀምጦ ያወጣው ሕግ ነው፤ ኮሚቴ ደግሞ መቼም ሲያወጣ እንጂ ሲያስብ አይታይም።

"የፕሮፌሰሩ የልብስ አጠባው መጽሐፍ በመጋቢት አሥር ዓመት ይሞላዋል" አለቻት ጃኒን ድምጿን ዝቅ አድርጋ። "የሴቶቹ ደግሞ በሰኔ።"

"አንድ ሰው ከተዋሰውስ?"

"ከተዋሰውማ እንደ አዲስ ይቆጠርለታል። አሥር ዓመት ይኖራል።"

"በምን ካርድ ልዋሰው?"

ጃኒን አሰበች። "የከተማ ነዋሪ ካደረግኩዎት ሁለት መጽሐፍ ብቻ ነው የሚፈቀድልዎ፤ ለሦስት ሳምንት። የፕሮፌሰሩ ካርድ ግን የመምህር ካርድ ነው፤ የመመለሻ ቀን የለውም። የሞተ ሰው ካርድ መዝጋት ነበረብኝ።"

"ዘጋሽው?"

"እስካሁን አልሞተም፤ እኔ ጋ" አለች ጃኒን፣ መነጽሯን ከራሷ ላይ አውርዳ።

አርዲስ በሟቹ ካርድ ተዋሰች፣ መለሰች፣ ተዋሰች። ነገሩን ወደ ማክሰኞ የብርድ ልብስ ስፌት ማኅበር ወሰደችው፤ ስምንት አሮጊቶች የሜቶዲስት ቤተ ክርስቲያን ምድር ቤት የሚሰበሰቡበት ነው። እነሱም የየራሳቸውን የነዋሪ ካርድ አወጡና ተራ ገቡ። የበረንዳው መጽሐፍ ለጎረቤቷ ለዶቲ ክሩግ ደረሳት።

"ሰውየው ስለ በረንዳ ሦስት መቶ ገጽ ጻፈ" አለች ዶቲ መርፌዋን እየሰካች። "በአርባ ዓመት ውስጥ የራሱን በረንዳ አንዴ ሲጠርግ አላየሁትም።"

"አነበብሽው?" አለች አርዲስ።

"ምን ነካሽ፤ መስኮቴን ደግፌበታለሁ። ልክክ አለ። የካታሎጉን ለሌላኛው መስኮት ስጪኝ።"

ሁሉም ሳቁ፤ አርዲስም ሳቀች። ይነበባሉ ብላ መጠበቅ ከተወች ቆይታለች። እንዲቆዩ ብቻ ነው የፈለገችው። ከሃምሳ ዓመት በኋላ አንድ ሰው፣ ማን እንደሆነ የማታውቀው ሰው፣ እንዲሁ መደርደሪያው መሃል ሲያልፍ ጎትቶ አውጥቶ ኤልቫ ፕሩዊት ደረተ ደካማ እንዳልነበረች እንዲያነብ። ሌላ ምንም አልጠየቀችም።

ዘጠኝ ዓመት እንዲህ ሄደ። በዘጠነኛው ዓመት የካቲት ውስጥ የኮሌጁ ፕሬዚዳንት ጸሎት ቤቱ ውስጥ ሰው ሰብስቦ ኮሌጁ በግንቦት እንደሚዘጋ ተናገረ። መቶ ሠላሳ ዓመት የቆየ ኮሌጅ በአሥራ ሁለት ደቂቃ ንግግር አለቀ። ተማሪ የለም፤ ሌላው ምክንያት ጌጥ ነው። መጋቢት ላይ የመጀመሪያዎቹ ሠራተኞች ሲቀነሱ ጃኒን ከነሱ ጋር ወጣች፤ በቦታዋም ከአንድ ኮንትራት ድርጅት የመጣች፣ ቀና ብላ ሰው የማታይ ሴት ተቀመጠች።

ወሬው የመጣው በዶቲ በኩል ነው። የእህቷ ልጅ የምትኖርበት ኢንዲያና ውስጥ ሌላ ኮሌጅ ሲዘጋ መጽሐፉን በአካፋ ወደ ቆሻሻ ገንዳ ሲጭኑት አይታለች።

"በአካፋ?" አለች አርዲስ።

"እንደ በረዶ። አሁንማ ማን ይመርጣል? የድርጅቱ ሰዎች የሚከፈላቸው ሕንጻውን ባዶ እንዲያደርጉ ነው።"

አርዲስ ያን ሌሊት እንቅልፍ አልወሰዳትም። በማግሥቱ ሚያዝያ ሃያ ስድስት ቀን ረፋዱ ላይ በዶቲ መኪና ኮሌጁ ያለበትን ኮረብታ ወጡ። አምስቱም መጻሕፍት መደርደሪያቸው ላይ ነበሩ። አርዲስ አንድ በአንድ አወረደቻቸው፤ የኦሪንን ካርድ ዘረጋች። ኮንትራተኛዋ ካርዱን በማሽኑ አሳለፈች፤ ማሽኑ ጢጥ አለ፤ አምስት ጊዜ። አርዲስ ከጃኒን የተማረችው ሕግ አንድ ነው፦ በውሰት የወጣ መጽሐፍ በሕይወት ያለ መጽሐፍ ነው። መጻሕፍቱን በሣጥን አድርጋ ደረቷ ላይ አቅፋ ስትወጣ ከዘጠኝ ዓመት ወዲህ እንደዚያን ቀን ደስ ብሏት አያውቅም። ምሳ ከዶቲ ጋር በላች፤ አይስክሬምም ጨመረች።

ሰኔ ውስጥ ቤተ ክርስቲያኑ የእንጆሪ ግብዣውን አደረገ። ጃኒን ሳህኗን ይዛ አርዲስ አጠገብ ተቀመጠች። ፊቷ በርቷል፤ ከሥራ ከወጣች ወዲህ እንዲህ አልታየችም።

"ሰምተዋል? መጽሐፎቻችን ተረፉ እኮ!" አለች። "የግዛቱ ትልቁ ዩኒቨርሲቲ በሙሉ ወሰዳቸው። አንድም ቆሻሻ አልገባም። ለዘለዓለም የሚቀመጡበት መጋዘን አለው፤ ቀይ ወረቀት የለ፣ አሥር ዓመት የለ። ማንም ከየትም ሆኖ ሊያዝዛቸው ይችላል።"

አርዲስ ማንኪያዋን አስቀመጠች። "በሙሉ?"

"በሙሉ። ሚያዝያ ሠላሳ ቀን መደርደሪያ ላይ ቆሞ የተገኘውን ሁሉ ቆጥረው ተረከቡ።"

"በውሰት ላይ የነበሩትስ?"

ጃኒን የአርዲስን ፊት አየች። ወዲያው ገባት።

"ወይዘሮ ሃልደማን፣ አልወሰዷቸውም ይበሉኝ።"

"ሚያዝያ ሃያ ስድስት ነው የወሰድኳቸው። አምስቱንም።"

"መጽሐፍ መልሱ የሚል ማስታወቂያ ተልኮ ነበር እኮ። በሚያዝያ የመጨረሻ ቀናት ሦስት ጊዜ በራሱ እንዲላክ፣ እኔ ራሴ ከመውጣቴ በፊት ነው ያዘጋጀሁት።"

"ለማን ተላከ?"

"ለካርዱ ባለቤት" አለች ጃኒን። ቀስ ብላ ነው ያለችው። "በኢሜይል ነው። ለፕሮፌሰሩ ኢሜይል።"

ክሬሙ እንጆሪው ላይ ቀልጦ ፈሰሰ። ጃኒን ልታለቅስ ነበር፤ አርዲስ ናት እጇን ይዛ ያጽናናቻት። ጥፋቱን ለሌላ ሰው ማካፈል ብትችል ደስ ባላት ነበር፤ ግን ማንም ያዘዛት የለም፣ ማንም የገፋት የለም። አምስት ቀን ብትዘገይ፣ ወይ ሰነፍ ብትሆን፣ ወይ ባሏን ትንሽ ብትረሳው፣ መጽሐፉ ይተርፍ ነበር። ከዚህ የከፋ ነገር ብታስብ አልመጣላትም።

በሚቀጥለው ሳምንት ከዶቲ ጋር ወደ ዩኒቨርሲቲው ሄዱ፤ ሁለት ሰዓት ተኩል ይነዳል። ሣጥኑ የኋላ ወንበር ላይ በቀበቶ ታስሯል፤ ያሰረችው ዶቲ ናት። ቤተ መጻሕፍቱ ውስጥ አርባ ዓመት የሚሆነው፣ ጢሙን በደንብ ያሳመረ፣ ትሕትና ያለው ሰው ተቀበላቸው። አርዲስ ነገሩን ከሥር ጀምራ አስረዳችው። እሱም እስክትጨርስ አላቋረጣትም።

"አራቱ እኛ ጋ አሉ፤ ከድሮም ነበሩን" አላት ኮምፒውተሩን አይቶ።

"አምስተኛው ነው የሚያስፈልገኝ።"

እንደገና ጻፈ፤ ፈለገ። "አምስተኛው የለም። ሌላም ቦታ አለ ብሎ አያሳይም፤ የአገሩን ቤተ መጻሕፍት ሁሉ የያዘ ዝርዝር ነው ይሄ። የኮሌጁ ቅጂ ጠፍቷል ተብሎ ተሰርዟል።"

"አልጠፋም። ይኸው" አለች አርዲስ፤ ጠረጴዛው ላይ አስቀመጠችው።

ሰውየው መጽሐፉን አየው። ነካውም፤ ትሕትና ያለው ሰው ነው አልኳችሁ። "እማማ፣ ከሁለት ዓመት ወዲህ ከግለሰብ መጽሐፍ መቀበል አቁመናል። ቦታ የለም። ከኮሌጁ መቀበል እንችል ነበር፤ ርክክቡ ግን ተዘግቷል።"

"ፎቶ አንስታችሁ ኮምፒውተሩ ውስጥ አስቀምጡታ" አለች ዶቲ ከኋላ። "እንኳን መጽሐፍ፣ የእኔ የልጅ ልጅ የበላችውን ሳንድዊች ሁሉ ታስቀምጣለች።"

ሰውየው የመጽሐፉን ሁለተኛ ገጽ ገለጠ። "የማሳተም መብቱ የኮሌጁ ነው ይላል። ፈቃድ መጠየቅ አለብን።"

"ጠይቁ።"

"ኮሌጁ የለም እኮ" አለ ሰውየው። ሊቀልድ ፈልጎ አይደለም፤ አሳዝኖታል።

አርዲስ የእናቷን ገጽ አውጥታ አሳየችው። አነበበው፤ ሙሉውን ቆሞ አነበበው። ከዚያ መጽሐፉን በሁለት እጁ መለሰላት።

"እርስዎ ጋ ይሁን" አላት። "እንደርስዎ የሚጠብቀው የለም። እኛ ጋ ከሚሆን እርስዎ ጋ ቢቆይ ይሻላል።"

"እስከ መቼ?" አለች አርዲስ።

ከኋላቸው ሰልፍ ተይዟል። ዶቲ ሣጥኑን አነሳች።

ሁለቱ በበቆሎ እርሻ መሃል ወደ ቤታቸው ነዱ። በቆሎው ገና ጉልበት አልደረሰም።

"ለኒል ስጪው" አለች ዶቲ።

"ኒል ባለፈው ገና ሲመጣ ቤቱን ዞሮ አየው" አለች አርዲስ። "አልጋውንም አይቶ፣ የእኔን የልብስ ስፌት መኪናም አይቶ፣ 'እማዬ፣ ወደ አሪዞና የሚጫን ነገር አይኖርም፤ አንድ ሰው ጠርተን በጅምላ ነው የምናወጣው' አለኝ። ልጄ ክፉ አይደለም። ትንሽ ቤት ነው ያለው።"

"የእኔ ወንድም ሲሞት ቤቱ እንደዚያ ነው የተደረገው። መጽሐፍ በሣጥን ሁለት ዶላር አሉ፤ ማንም አልነካውም፤ ማታ የቆሻሻ መኪናው መጥቶ ጫነው።" ዶቲ ይህን ካለች በኋላ ባልተናገርኩ ብላ ከንፈሯን ነከሰች። "እኔ ልያዝልሽ እንዳልል ደግሞ ካንቺ በሁለት ዓመት እበልጣለሁ።"

አርዲስ መጽሐፉን ጭኗ ላይ ገልጣ የሴቶቹን ስም ጮክ ብላ ማንበብ ጀመረች። ዶቲ ኮርሊስ ተወልዳ ኮርሊስ ያረጀች ናት። "ማቤል ጉድራይክ።" አላውቃትም፣ አለች ዶቲ። "ኔታ ሆስቴትለር።" እሷን አላውቅም፤ ባሏ ነው መሰለኝ በረዶ ይሸጥ የነበረው። "ፍሎሲ ዱጋን።" አላውቃትም። "ኤልቫ ፕሩዊት።" ያንቺን እናትማ፣ አለች ዶቲ፣ ቀይ ኮት ነበራት። እንዲህ እያሉ ወንዙ ጋ ሲደርሱ አርባ ሦስቱ አለቁ። ዶቲ የምታውቃቸው ስድስት ሆኑ።

"የቀሩትን አሁን ማን ያውቃቸዋል?" አለች ዶቲ።

"እኔ" አለች አርዲስ።

ድልድዩን ተሻግረው፣ ፋብሪካው የነበረበትን ባዶ መሬት አልፈው ኮርሊስ ገቡ።